በ26 የልብ መሣሪያዎች ዕድሜያቸውን ያራዘሙት ሰው

የሰው ልብ ዕረፍት የማያውቅ ሠራተኛ ነው። በደቂቃ 70 ጊዜ የሚመታ ልብ በቀን ከ100 ሺህ ጊዜ በላይ፣ በዓመት ደግሞ ወደ 37 ሚሊዮን ጊዜ ያህል ይመታል። ይህን ሥራ የሚመራው በልብ ውስጥ ያለ የተፈጥሮ ኤሌክትሪክ ነው። ኤሌክትሪኩ ከላይኛው የልብ ክፍል ወደ ታችኛው የሚያልፍበት መንገድ ሲዘጋ ምቱ ይዘገያል፤ አንዳንዴም ለሰከንዶች ቀጥ ይላል። እንዲህ ያለ ችግር ለገጠማቸው ሰዎች የሕክምናው ዓለም ያገኘው መፍትሔ ፔስሜከር የሚባለው የልብ ምት ማስተካከያ መሣሪያ ነው።

መሣሪያው ሰው የሠራው ነውና ይበላሻል። ሽቦው ሊሰበር፣ ከቦታው ሊንሸራተት፣ ባትሪው ሊደክም ይችላል። በዛሬው ጽሑፋችን ፔስሜከር በሰውነታቸው ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ የተቀበረላቸውን ስዊድናዊ የአርኔ ላርሶንን ሕይወት እናነሣለን። የእርሳቸውን ታሪክ ተከትለንም መሣሪያው ሲበላሽ ብልሽቱ በሕክምና መዝገብ ላይ በትክክል መጻፉ ለምን የሕይወት ጉዳይ እንደሆነ እንመለከታለን።

በቀን 20 እና 30 ጊዜ ራስን መሳት

አርኔ ላርሶን የተወለዱት እ.ኤ.አ በ1915 ነው። በሙያቸው መሐንዲስ ነበሩ። በጎልማሳነታቸው የያዛቸው የቫይረስ ሕመም ከጉበታቸው አልፎ የልባቸውን ጡንቻ ጎዳ። ከሕመሙ ካገገሙም በኋላ ጉዳቱ ጥሎት የሄደው ጠባሳ የልባቸውን የኤሌክትሪክ መንገድ ሙሉ በሙሉ ዘጋው።

ይህ መንገድ ሙሉ በሙሉ ሲዘጋ የታችኛው የልብ ክፍል በራሱ አቅም ለመምታት ይሞክራል፤ ነገር ግን ምቱ አብዛኛውን ጊዜ በደቂቃ ከ20 እስከ 40 ብቻ ይሆናል። አልፎ አልፎም ይቆማል። ልብ ለጥቂት ሰከንዶች ሲቆም አንጎል ደም ያጣል፤ ሰውየው ያለ ማስጠንቀቂያ ይወድቃል፣ አንዳንዴም ይንዘፈዘፋል። ሁኔታው በ19ኛው ክፍለ ዘመን በደብሊን ከተማ ይሠሩ በነበሩ ሁለት ሐኪሞች፣ በሮበርት አዳምስና በዊሊያም ስቶክስ ስም ይጠራል። በሽታው የሚጥል በሽታ ስለሚመስል ብዙዎች ያደናግሩታል።

እ.ኤ.አ በ1958 ላርሶን የ43 ዓመት ሰው ነበሩ። ለወራት ሆስፒታል ተኝተው በቀን ከ20 እስከ 30 ጊዜ ራሳቸውን ይስቱ ነበር። በጊዜው የነበሩት መድኃኒቶች ሁሉ ተሞከሩ፤ ግን አልረዷቸውም። በሐኪሞች ግምት የቀራቸው ጊዜ አጭር ነበር።

የባለቤታቸው ምልልስ

በዚያን ዘመን ልብን በኤሌክትሪክ ማነቃቃት ጨርሶ አይታወቅም ነበር ማለት አይደለም። በአሜሪካ ከግድግዳ ሶኬት ኃይል የሚያገኙ ትላልቅ መሣሪያዎች፣ ቆየት ብሎም በባትሪ የሚሠሩ አነስተኛ መሣሪያዎች ነበሩ። ችግሩ ሁሉም ከሰውነት ውጪ መሆናቸው ነው። ሽቦው በቆዳ በኩል አልፎ ወደ ልብ ይገባል፤ የሽቦው ቀዳዳም ለጀርም በር ይከፍታል። ለጥቂት ቀናት ካልሆነ በቀር ሰው እንዲህ ሆኖ ዕድሜውን ሙሉ ሊኖር አይችልም።

በስቶክሆልም አጠገብ በሶልና በሚገኘው የካሮሊንስካ ሆስፒታል ይሠሩ የነበሩት የቀዶ ሕክምና ሐኪም ኦኬ ሴኒንግ እና ሐኪምነትን ተምረው ወደ መሣሪያ ፈጠራ ያዘነበሉት ሩኔ ኤልምክቪስት መሣሪያውን ሙሉ በሙሉ ከቆዳ ሥር ለመቅበር አስበው በእንስሳት ላይ ይሞክሩ ነበር። ለሰው የሚሆን ግን ገና አልነበራቸውም።

የላርሶን ባለቤት ኤልሴ ማሪ ይህን ምርምር ሰሙ። ወደ ሴኒንግ ሄደው ባለቤታቸውን እንዲያድኑላቸው ለመኗቸው። ሐኪሙ ለሰው የሚሆን መሣሪያ እንደሌላቸው ገለጹላቸው። እርሳቸውም ወደ ኤልምክቪስት ቤተ ሙከራ አመሩ፤ ከዚያም ተመልሰው ወደ ሆስፒታሉ። ሁለቱ ሰዎች እሺ እስኪሉ ድረስ በመካከላቸው ሲመላለሱ ዋሉ። በመጨረሻ ሐኪሙም መሐንዲሱም ተረቱ። በሕክምና ታሪክ ውስጥ ስማቸው ጎልቶ የሚጠራው ሐኪሙና መሐንዲሱ ቢሆኑም፣ ያለዚህች ሴት ጽናት ያ ቀዶ ሕክምና ባልተደረገ ነበር።

በጫማ ቀለም ቆርቆሮ የተቀረጸ መሣሪያ

ኤልምክቪስት በጥድፊያ ሁለት መሣሪያዎችን ሠሩ። በውስጣቸው ሁለት ትራንዚስተሮች፣ ጥቂት የኤሌክትሪክ ዕቃዎችና ትንሽ ባትሪ ነበሩ። ባትሪው ከሰውነት ውጪ በቆዳ ላይ በሚደረግ የሽቦ ጥቅል አማካይነት ያለ ቀዳዳ ኃይል እንዲሞላ ተደርጎ የታሰበ ነው። ዕቃዎቹን አንድ ላይ የሚይዘው ኢፖክሲ የተሰኘ ጠንካራ ሙጫ ነበር። ሙጫው ፈሶ የደረቀበት ቅርጽ ማውጫም የጫማ ቀለም ቆርቆሮ ነው። መሣሪያው 55 ሚሊ ሜትር ስፋትና 16 ሚሊ ሜትር ውፍረት ያለው ክብ ሆኖ የወጣው በዚህ ምክንያት ነው።

ቀዶ ሕክምናው የተደረገው እ.ኤ.አ ጥቅምት 8 ቀን 1958፣ በእኛ አቆጣጠር መስከረም 28 ቀን 1951 ዓ.ም ነበር። ወሬው እንዳይሰራጭ ሥራው የተከናወነው ምሽት ላይ፣ የቀዶ ሕክምና ክፍሎቹ ባዶ በሆኑበት ሰዓት ነው። ሴኒንግ የላርሶንን ደረት ከፍተው የሽቦዎቹን ጫፎች በልባቸው ጡንቻ ላይ ሰፉ፤ መሣሪያውን ደግሞ በሆዳቸው ግድግዳ ውስጥ ከቆዳው ሥር አኖሩት።

መሣሪያው የሠራው ለጥቂት ሰዓታት ብቻ ነው። ከዚያ ቆመ። ሁለተኛው መሣሪያ ተተካ፤ እርሱም ብዙ አልቆየም። ይሁንና ላርሶን አልሞቱም። ልባቸው በራሱ ዘገምተኛ ምትና በሕክምና እየተረዳ የተሻለ መሣሪያ እስኪገኝ ድረስ ቆዩ። በ1960ዎቹ መጀመሪያ አዲስ መሣሪያ ተቀበረላቸው፤ ከዚያም እስከ ዕለተ ሞታቸው ያለ ፔስሜከር አልኖሩም።

ብልሽት ያስተማረው

ላርሶን በሕይወት ዘመናቸው 26 መሣሪያዎች ተተክለውላቸዋል። በእያንዳንዱ ለውጥ ጀርባ ምክንያት ነበር። ምክንያቶቹን በሦስት ከፍሎ ማየት ይቻላል።

የመጀመሪያው እርጥበት ነው። ኢፖክሲ ጠንካራ ቢሆንም የሰውነትን እርጥበት ሙሉ በሙሉ አያግድም። እርጥበቱ ቀስ በቀስ ዘልቆ ዕቃዎቹን ያበላሻል። በ1970ዎቹ መሣሪያውን ታይታኒየም በተባለ ብረት ውስጥ አሽጎ መበየድ ሲጀመር ይህ ችግር ተቃለለ።

ሁለተኛው ባትሪ ነው። በ1960ዎቹ በስፋት ያገለግሉ የነበሩት የሜርኩሪ ባትሪዎች አብዛኛውን ጊዜ ከሁለት ዓመት ብዙ አይዘልቁም ነበር። በሽተኛው በየጊዜው ወደ ቀዶ ሕክምና ክፍል ይመለሳል ማለት ነው። በ1970ዎቹ የመጡት የሊቲየም ባትሪዎች ግን ዕድሜውን ወደ በርካታ ዓመታት ከፍ አደረጉት።

ሦስተኛውና እስከ ዛሬም ያልተወገደው የሽቦው ጉዳይ ነው። ሽቦው ከልብ ጋር አብሮ ይንቀሳቀሳል፤ ልብ በመታ ቁጥር ይታጠፋል። ቀጭን ሽቦ በእጃችን ደጋግመን ብናጥፈው እንደሚበጠስ ሁሉ፣ በዓመት 37 ሚሊዮን ጊዜ የሚታጠፍ ሽቦም ይደክማል። በተለይ ከአንገት በታች ባለው አጥንትና በመጀመሪያው የጎን አጥንት መካከል ሲያልፍ ሊጨፈለቅ ይችላል። የሚሸፍነው ላስቲክም ሊላጥ፣ ጫፉ ከልብ ጡንቻ ሊላቀቅ፣ ከመሣሪያው ጋር የሚያያዝበት ብሎን ሊላላ ይችላል።

እነዚህ መሻሻሎች የመጡት ሐኪሞችና መሐንዲሶች የተበላሸውን መሣሪያ አውጥተው ከመጣል ይልቅ ምኑ እንደተበላሸ መርምረው ስለመዘገቡ ነው። ሽቦ ተሰበረ ተብሎ ሲጻፍ የሽቦው አሠራር ይታረማል፤ እርጥበት ገባ ተብሎ ሲጻፍ ሽፋኑ ይለወጣል። መሣሪያው ተበላሽቶ ተቀየረ ብቻ ተብሎ ቢታለፍ ግን ያው ስህተት በሚቀጥለው በሽተኛ ላይ ይደገማል።

ስም ያልነበረው ብልሽት

የላርሶን የመጀመሪያ መሣሪያ ሲቆም ለብልሽቱ በዓለም አቀፉ የበሽታዎች ምደባ ውስጥ የተለየ ቦታ አልነበረውም። ምደባው በሽታዎችንና የሞት ምክንያቶችን በኮድ የሚለይ የጋራ ቋንቋ ሲሆን፣ መሠረቱ ፈረንሳዊው የስታቲስቲክስ ሰው ዣክ ቤርቲዮን እ.ኤ.አ በ1893 ያቀረቡት የሞት ምክንያቶች ዝርዝር ነው። ከ1948 ጀምሮ የሚመራው የዓለም ጤና ድርጅት ነው። በ1958 በሥራ ላይ የነበረው 7ኛው ክለሳ የተዘጋጀው በ1955 ነው። ያን ጊዜ በሰው አካል ውስጥ የተቀበረ ፔስሜከር ስላልነበረ ብልሽቱ ሊታሰብ አይችልም።

እ.ኤ.አ በ1975 በተዘጋጀው 9ኛው ክለሳ በልብ ውስጥ የተተከሉ መሣሪያዎች ሜካኒካዊ ብልሽት 996.0 በሚል ኮድ ሰፍሮ እናገኘዋለን። በ1990 በጸደቀው 10ኛው ክለሳ ደግሞ ነገሩ ይበልጥ ተለየ። ሰው ሠራሽ የልብ በር ሲበላሽ ቲ82.0፣ ፔስሜከርን የመሰለ የልብ ኤሌክትሮኒክ መሣሪያ ሲበላሽ ቲ82.1 ተብሎ ይመዘገባል።

ልዩነቱ ከወረቀት ያለፈ ነው። ሦስት በሽተኞችን እናስብ። ሦስቱም ሆስፒታል ገብተው አሮጌው መሣሪያ ወጥቶ አዲስ ተተክሎላቸዋል። የመጀመሪያው ባትሪው ዕድሜውን ጨርሶ ነው፤ ይህ የሚጠበቅ ነውና ብልሽት አይባልም፤ ለመሣሪያ ክትትልና ማስተካከያ በተመደበው ዜድ45.0 ሥር ይገባል። የሁለተኛው ሽቦ ተሰብሯል፤ ቲ82.1 ነው። የሦስተኛው መሣሪያ ያለበት ቦታ በጀርም ተመርዟል፤ ቲ82.7 ይሆናል። ቀዶ ሕክምናው ቢመሳሰልም ምክንያቱ ሦስት ዓይነት ነው። አንዱ በሌላው ስም ከተመዘገበ የሽቦውን ስብራት የሚቆጥረው ሰው የተሳሳተ ቁጥር ያገኛል፤ የጀርሙን ስርጭት የሚከታተለውም እንዲሁ።

አሜሪካ ይህን ምደባ ለራሷ ስታሰፋ ከዚህም በላይ ከፋፍላዋለች። የሽቦው መሰበር ቲ82.110፣ የባትሪና የኤሌክትሪክ ክፍሉን የያዘው ሳጥን መበላሸት ቲ82.111፣ የሽቦው ከቦታው መንሸራተት ቲ82.120፣ የሳጥኑ ከቦታው መንቀሳቀስ ቲ82.121 ናቸው። ከኮዱ መጨረሻ የሚታከል ፊደልም በሽተኛው ለብልሽቱ ሕክምና እየተደረገለት መሆኑን፣ ለክትትል መምጣቱን ወይም ብልሽቱ ጥሎት በሄደ መዘዝ መቸገሩን ያመለክታል።

ኮድ የሚሰጠው ባለሙያ ግን ከሐኪሙ ጽሑፍ ውጪ የሚያውቀው ነገር የለም። ሽቦው የተሰበረበት ሰው ራሱን ስቶ ሲመጣ ሐኪሙ ራስን መሳት ብሎ ብቻ ከጻፈ የሚሰጠው ኮድ አር55 ነው። በዚያ ቅጽበት መሣሪያው ከመዝገቡ ይጠፋል። ስለዚህ ጥንቃቄው የሚጀምረው ከሐኪሙ ብዕር ነው፦ የትኛው ክፍል፣ በምን ሁኔታ፣ መቼ ተበላሸ? ጽሑፉ ግልጽ ካልሆነ የኮድ ባለሙያው መገመት የለበትም፤ ሐኪሙን መጠየቅ አለበት።

ኮድ ብቻውንም አይበቃም። ቲ82.1 ምን እንደተበላሸ እንጂ የትኛው ፋብሪካ የሠራው፣ የትኛው ሞዴል እንደሆነ አይናገርም። እ.ኤ.አ በጥቅምት ወር 2007 ስፕሪንት ፊደሊስ የተባለ የልብ ሽቦ የመሰበር ዝንባሌ ስለታየበት ሥርጭቱ ቆመ። በዚያን ጊዜ በዓለም ዙሪያ ወደ 268 ሺህ ገደማ ሽቦዎች ተተክለው ነበር። እነዚያን ሰዎች ፈልጎ ማግኘት የተቻለው የሞዴሉና የመለያ ቁጥሩ መዝገብ በተያዘበት ቦታ ነው። የላርሶን አገር ስዊድን ለፔስሜከር ተጠቃሚዎች ብሔራዊ መዝገብ ያላት ለዚህ ነው።

ከፈጣሪዎቹ በላይ የኖሩት በሽተኛ

ላርሶን ከሕመማቸው በኋላ ሥራቸውን ሠርተዋል፣ ከቤተሰባቸው ጋር ኖረዋል፣ ወደተለያዩ አገሮች ተጉዘዋል። ከሐኪሞችና ከፔስሜከር ተጠቃሚዎች ጋር እየተገናኙም መሣሪያ ያለው ሰው እንደማንኛውም ሰው መኖር እንደሚችል በራሳቸው ሕይወት አሳይተዋል።

መሣሪያውን የሠሩላቸው ኤልምክቪስት እ.ኤ.አ በ1996፣ ቀዶ ሕክምናውን ያደረጉላቸው ሴኒንግ በ2000 ዐረፉ። በሽተኛው ላርሶን ግን ሁለቱንም ቀብረው እ.ኤ.አ ታኅሣሥ 28 ቀን 2001 በ86 ዓመታቸው ከዚህ ዓለም በሞት ተለዩ። የሞታቸው ምክንያት የቆዳ ካንሰር እንጂ ልባቸው አልነበረም። ከመጀመሪያው ቀዶ ሕክምና በኋላ 43 ዓመታት ኖረዋል፤ ከዚያ በፊት የኖሩትን ዕድሜ ያህል ማለት ነው።

መሣሪያ ያለው ሰው ምን ያድርግ?

ፔስሜከር የተተከለላችሁ ወይም መሣሪያው ያለው ቤተሰብ የምታስታምሙ ሰዎች የሚከተሉትን ልብ በሉ።

* ሲተከልላችሁ የሚሰጣችሁን የመሣሪያ መታወቂያ ካርድ ሁልጊዜ ያዙ። የመሣሪያውና የሽቦው ሞዴል፣ የመለያ ቁጥር፣ የተተከለበት ቀንና ሆስፒታል በላዩ ላይ መኖሩን አረጋግጡ። ፎቶ ኮፒውን ቤት ውስጥ ለምታምኑት ሰው ስጡ። በተለይ ውጭ አገር ሄዳችሁ የተተከለላችሁ ከሆነ፣ እዚህ በምትከታተሉበት ሆስፒታል ካርዳችሁ ውስጥ እንዲገባ ጠይቁ።

* ሐኪማችሁ መሣሪያው በደቂቃ ቢያንስ ስንት ጊዜ እንዲመታ ተደርጎ እንደተስተካከለ ይንገራችሁ። ዐረፍ ብላችሁ የእጃችሁን የደም ምት ለአንድ ሙሉ ደቂቃ ቁጠሩ። ከተነገራችሁ ቁጥር በታች ከሆነ ወደ ሐኪም ሂዱ።

* ራስን መሳት፣ ድንገተኛ ማዞር፣ ከፍተኛ ድካም፣ የትንፋሽ ማጠር፣ የማያቋርጥ ስቅታ ወይም በደረትና በሆድ አካባቢ የጡንቻ መንዘር ከታየ ሽቦው ተሰብሮ ወይም ተንሸራቶ ሊሆን ይችላል። ራሱን የሳተ ሰው ሳይውል ሳያድር ሆስፒታል መድረስ አለበት።

* መሣሪያው ያለበት ቦታ ከቀላ፣ ካበጠ፣ ከሞቀ ወይም ፈሳሽ ካወጣ የጀርም ምልክት ነውና አትጠብቁ። በቤት ውስጥ ለማፍረጥም ሆነ ለማሸት አትሞክሩ።

* ከቆዳ ሥር የሚዳሰሰውን መሣሪያ በእጅ የማዞር ልማድ ያላቸው ሰዎች አሉ። መሣሪያው በዞረ ቁጥር ሽቦው ይጠመዘዝና ከልብ ይነቀላል። አትነካኩት።

* ከተተከለ በኋላ ባሉት የመጀመሪያዎቹ ሳምንታት በዚያ ጎን ያለውን ክንድ ከትከሻ በላይ ከማንሳትና ከባድ ዕቃ ከመሸከም ተቆጠቡ። ክንዱን ጨርሶ አለማንቀሳቀስም ትከሻን ያደርቃልና ልኩን ሐኪማችሁን ጠይቁ።

* ተንቀሳቃሽ ስልካችሁን ከመሣሪያው ቢያንስ 15 ሴንቲ ሜትር አርቁ፤ በደረት ኪስ አትያዙት። የኤምአርአይ ምርመራ ሲታዘዝላችሁ መሣሪያ እንዳላችሁ አስቀድማችሁ ተናገሩ፤ ሁሉም መሣሪያ ለዚህ ምርመራ አይሆንምና።

* ደህና ነኝ ብላችሁ የክትትል ቀጠሮ አታቋርጡ። የባትሪ መድከምና የሽቦ መላላት ብዙ ጊዜ ምልክት ከማሳየታቸው በፊት በምርመራ ይታወቃሉ።

* መሣሪያው ከተቀየረላችሁ ለምን እንደተቀየረ ጠይቁ፤ መልሱ በካርዳችሁ ላይ እንዲጻፍም አሳስቡ። ባትሪው አልቆ ነው? ሽቦው ተሰብሮ ነው? ጀርም ገብቶ ነው? ይህን ማወቅ መብታችሁ ነው።

ይህ የመጨረሻው ጥያቄ ለሚቀጥለው ሐኪማችሁም ይጠቅማል። እናንተን አይቶ የማያውቅ ሐኪም በድንገተኛ ክፍል ሲያገኛችሁ ከሽቦዎቹ የትኛው አዲስ፣ የትኛው አሮጌ እንደሆነ የሚለየው ከጽሑፉ ነው። በትክክል የተመዘገበ ብልሽት ደግሞ ከናንተ በኋላ ያንኑ መሣሪያ ለሚተከልለት ሰው ማስጠንቀቂያ ይሆናል።

ጤና ይብዛላችሁ!